ስድስተኛው የኮከብ መጽሐፍ

ባለፈው ጥር ለወንድሜ ልጅ ክርስትና ቡሬ ሄጄ ነበር። ትልቋ ልጁ፣ አሥር ዓመቷ ነው፣ «አክስትየ፣ ትምህርት ቤታችንን ሳታይማ አትሄጅም» ብላ እጄን ጎተተችኝ። እኔም የተማርኩበት ትምህርት ቤት ነው። አዲስ ሕንፃ ተሠርቶለታል፣ አጥሩ ግንብ ሆኗል፤ ምንም አላለኝም። ቤተ መጻሕፍቱ ይኼ ነው ብላ አንዱን በር ስትከፍተው ነው ጉዱ የመጣው። መጽሐፉን ብል እንዳይበላው ብለው ዛሬም በየገጹ መሃል የባሕር ዛፍ ቅጠል ይሰካሉ። የደረቀው ቅጠልና የአሮጌው ወረቀት ሽታ ተደባልቆ መታኝ። ደጃፉ ላይ ተገትሬ ቀረሁ።

«ምን ሁነሽ ነው?» አለችኝ።

«አቧራ ነው።»

አቧራ አልነበረም። እኔ እንደሆነ ድሮም ውሸት አያስቸግረኝም፤ ምላሴ ጫፍ ላይ ነው የሚገኘው። አሁን የምናገረውን ለንስሐ አባቴ እንኳ ግማሹን ውጬ ግማሹን ነው የነገርኳቸው። እሳቸውም «ልጅ ነበርሽ» ብለው ትንሽ ስግደት አዘዙኝና ተገላገልን። ልጅስ ነበርኩ። ግን ልጅነት ምን ያህሉን ይሸፍናል?

አምስተኛ ክፍል የገባሁበት ዓመት ነው። ቤታችን ከከተማው ወጣ ብሎ ወደ ማንኩሳ በሚወስደው መንገድ ዳር ነበር። ከአጥራችን ቀጥሎ የኔታ ላቀው ይኖሩ ነበር፤ የሰፈሩን ልጅ ሁሉ ፊደል ያስቆጠሩ፣ ዳዊት ያስደገሙ መምህር ናቸው። ሚስትም ልጅም የላቸውም። ቀለባቸው የተማሪ ወላጅ የሚሰፍርላቸው እህል ነው። በዚያ ዓመት ዓይናቸውን ሞራ ሸፈነባቸው። ሰው መምጣቱን ያያሉ፤ ማን መሆኑን ግን ድምፁን ካልሰሙ አይለዩትም። እናቴ «ከትምህርት ቤት ስትመለሽ የኔታ ዘንድ ግቢና ያዘዙሽን ሥሪ» አለችኝ። ውኃ መቅዳት፣ ግቢ መጥረግ መስሎኝ ከንፈሬን ጥዬ ሄድኩ። የኔታ ግን እስክሪብቶ ነው ያስያዙኝ።

አንድ ደብተር ነበራቸው። ከሱቅ የሚገዛ ባለ ሃምሳ ሉክ ደብተር ነው፤ ሦስቱን አንድ ላይ ሰፍተው የፍየል ቆዳ አልብሰውታል። የመጀመሪያው ገጽ ላይ በቀይና በጥቁር ቀለም የተሠራ ትልቅ ክብ አለ። አሥራ ሁለት ቦታ ተከፍሎ በየክፍሉ ኮከብ ተስሎበታል፤ ጾሙና በዓሉ መቼ እንደሚውል የሚያወጡበት ነው። ከዚያ ወዲያ ያለው በሙሉ ስለ ዝናብ ነው። የገበሬው ስም፣ ማሳው ያለበት ቦታ፣ ጤፉን ወይ በቆሎውን የዘራበት ቀን፣ ያን ሰሞን ሰባቱ ኮከቦች የት ላይ እንደነበሩ፣ ዝናቡ እንዴት እንደያዘ። ገበሬው ገበያ ሲወጣ እግረ መንገዱን ጎራ ይልና ይነግራቸዋል። በዓመቱ ሰኔ ላይ ደግሞ ይመለስና «የኔታ፣ ዘንድሮ ልዝራ ወይስ ልቆይ?» ይላቸዋል። ደብተሩን ያገላብጣሉ፣ ይመክሩታል።

ከዚያ ክረምት ጀምሮ የሚጽፈው የኔ እጅ ሆነ። ነጋሪው ገበሬ ከሄደ በኋላ «ጻፊ፤ ዘለቀ፣ ከወንዙ ማዶ፣ ጤፍ፣ ሐምሌ ሰባት» ይሉኛል፤ እጽፋለሁ። ሲጨርሱ አንድ እፍኝ ሽምብራ ይሰጡኛል።

ኮከቡንም አይቼ የምነግራቸው እኔ ነበርኩ። ጎሕ ሲቀድ በአጥሩ በኩል «ስመኝ! ሰባቱ የት ደርሰዋል?» ይላሉ። ወጥቼ አያለሁ። ኮከብ በጣቱ ያመለከተ ኪንታሮት ያወጣል ስለሚባል በአገጬ ነበር የምጠቁመው፤ ለዚያውም ለማያዩት ለየኔታ! «ከዋንዛው በላይ ናቸው፣ የኔታ!» እላለሁ። ብርድ የጸናብኝ ቀን ደግሞ አልወጣም። ከነብርድ ልብሴ ተጠቅልዬ ከመደቡ ላይ «ከዋንዛው በላይ ናቸው!» ብዬ እጮኻለሁ። ደመና ይሁን ጠራራ ማን አይቶ። እንግዲህ የዚያ ክረምት ጽሑፍ እኩሌታው የኔ ቅጥፈት ነው። የኔታ «ተባረኪ» ብለው ያምኑኛል።

ነሐሴ ላይ ያ ከወንዝ ማዶ ጤፍ የዘራው አያ ዘለቀ ሞተ። ሁለት ሳምንት ብቻ ነው የታመመው። የኔታ ከቀብር ሲመለሱ ደብተሩን አስመጡኝ።

«ከስሙ ጎን መስቀል አድርጊ» አሉኝ።

«ለምን፣ የኔታ?»

«ስሙ ሲነበብ ነፍስ ይማር እንድንል ነዋ፣ ልጀ። በዓመቱ ረስቸው ‹ዘለቀስ ምን ዘራ?› ብየ ሚስቱን እንዳላስለቅሳት።»

ቀዩን እስክሪብቶ ይዤ መስቀል አደረግኩ። ጫፍ ጫፏን እንደ ቅጠል አወጣሁላት። በጣም ስላማረችኝ ደግሜ አደመቅኳት።

መስከረም ሲጠባ ከፍኖተ ሰላም አንድ ወጣት የአማርኛ መምህር መጣልን፤ ቲቸር ምንይችል። ለዓመታት ተቆልፎ የኖረውን የመጽሐፍ ክፍል አስከፍቶ አቧራውን ከኛ ጋር ጠረገ፣ ቅጠሉን ከኛ ጋር ሰካ። ኅዳር ላይ ለሚደረገው የወላጆች ቀን አንድ ነገር አሰበ። «አንድን ነገር ስንት ዓይነት ጸሐፊ በስንት ዓይነት መንገድ እንደሚጽፈው ለወላጆቻችሁ እናሳያለን። ኮከብ ይሁን» አለ።

ከዚያ ክፍል አምስት ዓይነት ወጣ። አንዱ የተረት መጽሐፍ ነው፤ ኮከብ ወንዝ ወርዳ ውኃ ስትጠጣ ታመሻለች። አንዱ የሳይንስ ነው፤ ፀሐይ ራሷ ኮከብ ናት ይላል። የማተሚያ ቤት ስሕተት መስሎኝ በእርሳስ «አይደለችም» ብዬ አረምኩት። ሦስተኛው ሽፋኑ የተገነጠለ ልብ ወለድ ነው፤ ሰውየው ልጅቷን በየገጹ «ኮከቤ» ይላታል። ጋብቻቸው ይሰምር እንደሆነ እያስቆጠረ ነው ብዬ ውጤቱን እስከ መጨረሻው ገጽ ጠበቅኩ፤ አልተነገረም። ግጥሙ ደግሞ ኮከቦቹን አልቅሱልኝ ይላቸዋል፤ በምን ዓይናቸው? አምስተኛው ኮከብ ሰብአ ሰገልን ስትመራ የሚያሳይ የሥዕል መጽሐፍ ነው። እሱን ብቻ ነው ያለ ክርክር የተቀበልኩት።

«ስድስተኛ ዓይነት ያመጣ ልጅ» አለ ቲቸር፣ «ጠረጴዛው አጠገብ ቆሞ ለእንግዳ የሚያስረዳው እሱ ይሆናል።»

እስከዚያ ቀን ድረስ ሰው ፊት የምትቆመው ትዕግሥት ነበረች፤ የመድኃኒት ቤቱ ሰውየ ልጅ። ስትራመድ ቋ ቋ የሚል ጫማ ነበራት። ቅናቴን ልደብቅ አልችልም፤ ያ ጫማ ጭንቅላቴ ላይ ነበር የሚረግጠኝ። ስድስተኛው መጽሐፍ የት እንዳለ ግን አውቅ ነበር።

በተዘዋዋሪ ሞከርኳቸው። «የኔታ፣ ይኼን ደብተር ቲቸራችን ቢያየው ምን ይል ይሆን?» አልኩ።

ወዲያው ገባቸው። «ይኼ ከቤት አይወጣም፣ ልጀ። የሰው ስም አለበት።»

ምን ማለታቸው እንደሆነ አልገባኝም። ስሜ በመጽሐፍ ተጽፎ ሕዝብ ቢያየው እኔ በደስታ እበር ነበር፤ የሰው ስም ቢታይ ለባለስሙ ምን ክፋት አለው አልኩ። የወላጆች ቀን ሲደርስ የኔታ በዋዜማው ለተዝካር ወደ ገጠር ወጡ፤ የሚመለሱት በሦስተኛው ቀን ነው። ቁልፉ ከጉበኑ ሥር እንደሚቀመጥ አውቃለሁ። ሳይመለሱ ቦታው እመልሰዋለሁ ብዬ ደብተሩን በሻርፔ ጠቅልዬ ወሰድኩት።

«ፈቀዱልሽ?» አለኝ ቲቸር ምንይችል፣ ደብተሩን እንደ ሕፃን ልጅ ተቀብሎ።

«ራሳቸው ናቸው የላኩኝ።»

ቀኑ ደረሰ። በየቤቱ ደጃፍ በርበሬ ተሰጥቶ መንደሩ በሙሉ ያስነጥሳል። ወላጁ ነጠላውን ለብሶ ግቢውን ሞላው፤ እናቴ ከፊት ቆማለች። ስድስቱ መጽሐፎች በተርታ ተዘርግተዋል። የየኔታን ደብተር የገለጥኩት እኔ ነኝ። ከገጹ ሁሉ አያ ዘለቀ ያለበትን የመረጥኩት መስቀሏ ስለምታምር ነው። ሌላ ምክንያት የለኝም፤ ብፈልግም አላገኝም።

አምስቱን በየተራ አስረዳሁ። ስድስተኛው ጋ ስደርስ ሰዉ ትንሽ ሰልችቶት ነበርና ስለ ዝናብ ነው ብል ማን ይደነቅልኛል? ድምፄን ዝቅ አደረግኩና «ይኼ ደግሞ የኔታ ላቀው የሚመጣውን ነገር በኮከብ የሚያውቁበት መጽሐፍ ነው» አልኩ። ሰዉ ጸጥ አለ። ጸጥታው እንዴት ጣመኝ! ትዕግሥት እንኳን አፏን ከፍታ ታየኛለች።

የአያ ዘለቀ ሚስት እትየ ጥሩነሽ ከል እንደለበሱ ነበሩ። ሦስተኛ ክፍል የምትማር ልጃቸው በጠረጴዛው ሥር ሾልካ ደብተሩ ላይ ተደፋች።

«እማ! የአባባ ስም!» አለች። ደስ ብሏት ነው፣ ምስኪን። ጣቷን እያስኬደች አነበበችላቸው። «ዘ፣ ለ፣ ቀ። መስቀልም አለበት።»

እትየ ጥሩነሽ ማንበብ አይችሉም። መስቀሏን ግን አዩ። ገጹን ወደ ኋላ ገለበጡና ያን ክብ ከነኮከቦቹ ሲያዩት ሁለት እጃቸውን ራሳቸው ላይ ጫኑ።

«ወይኔ ባሌን! ወይኔ ዘለቀየን! ኮከቡን ቆጥሮ፣ ስሙን ጽፎ ነው የበላብኝ!»

ከዚያ ወዲያ ማን ያስቁመው። «እስቲ የኔን ስም እዩልኝ!» «የወንድሜስ አለበት?» ሰዉ ጠረጴዛውን ከበበው። የሁሉም ስም አለበት እኮ፤ የሃያ ዓመት ዘሪ ሁሉ ነው የተጻፈው። መተት ነው የሚለው ቃል ከወዲያ ጥግ ተነሥቶ እኔ ጋ እስኪደርስ ሦስት ጊዜ እንኳ አልተነፈስኩም።

ቲቸር ምንይችል ደብተሩን አነሣና ገጹን ቀረብ አድርጎ አየው። ከዚያ እኔን አየኝ። ከመስከረም ጀምሮ የኔን ደብተር የሚያርመው እሱ ነው፤ እጄን ያውቀዋል።

«ስመኝ፣ ይኼን የጻፈው ማነው?»

«አላውቅም» አልኩ።

ዓይን ዓይኔን አየኝ። ደብተሩን ዘጋው። ለኔ አዝኖ ይሁን ለራሱ ፈርቶ እስከ ዛሬ አላውቅም። ሽማግሌዎች መጥተው ሲጠይቁት አስረከባቸው።

ጆሮ ለባለቤቱ ባዳ ነው እንደሚባለው የኔታ ከተዝካሩ ሲመለሱ የሰሙ የመጨረሻው ሰው እሳቸው ነበሩ። ደብተሩን ማን እንዳወጣው ለማወቅ ግን ማንም እንዲነግራቸው አላስፈለጋቸውም፤ ቁልፉ የት እንደሚቀመጥ የሚያውቀው አንድ ሰው ብቻ ነው። እኔም ከዚያ ቀን ጀምሮ እግሬን ከግቢያቸው አወጣሁ። ጎሕ ሲቀድ በአጥሩ በኩል የሚጠራኝ ድምፅም ቀረ።

እሑድ ከቅዳሴ በኋላ ሽማግሌዎች በቤተ ክርስቲያኑ ቅጥር ካለው ዛፍ ሥር ተቀመጡ። ወንዱ ቆሟል፣ ሴቱና ልጁ ተቀምጧል። እኔ እናቴ ጎን መሬት ላይ ተቀምጫለሁ። የኔታ መቋሚያቸውን ተደግፈው መሃል ቆሙ።

«የኔታ፣ እርስዎን ደፍረን አይደለም» አሉ ዋናው ሽማግሌ። «ሰው አዝኗል። የሙት ሚስት ቆማ እያለቀሰች ዝም ማለት አቃተን።»

«ጠይቁኝ፣ ጠይቁኝ። ደግ አደረጋችሁ።»

ጠየቁ፤ የኔታም አንድ በአንድ መለሱ። ክቡ ለጾም ማውጫ ነው። ስሙ ለዘር ነው። መስቀሉ ለነፍስ ይማር ነው። ሰኔ በመጣ ቁጥር ልዝራ ወይስ ልቆይ እያሉ ደጃቸውን ሲጠኑ የነበሩ ገበሬዎች እዚያው ቆመዋል፤ ሁሉም መሬት መሬት ያያል። ኮከብ አስቆጠረ መባልን ማን ይወዳል።

«እንግዲያው አንድ ነገር ብቻ ይንገሩን» አሉ ሽማግሌው። «ይቺ መስቀል የተደረገችው ዘለቀ ሳይሞት ነው ወይስ ከሞተ በኋላ?»

«ከቀብሩ ስመለስ ነው።»

«እጁ የርስዎ አይደለም። የጻፈልዎት ሰው ይጠራና ይኼንኑ ይመስክርልዎ። ‹ከቀብር በኋላ ነው ያዘዙኝ› ይበል፤ እኛም እግርዎ ላይ ወድቀን ይቅርታ እንጠይቃለን።»

ይኸው ነው። በዚያ አገር ያን ቃል ሊናገር የሚችል ፍጡር ከየኔታ ሌላ አንድ እኔ ብቻ ነበርኩ። አንድ ዐረፍተ ነገር ነው። መነሣት እንኳን አያስፈልግም፤ ከተቀመጥኩበት መናገር እችል ነበር።

የኔታ ፊታቸውን ቀስ አድርገው ሴቱና ልጁ ወደተቀመጠበት መለሱት። አያዩኝም፤ ሞራው ከክረምት ወዲህ ጨርሶ ድፍን አድርጎታል። ግን ፊታቸው እኔ ላይ ነው የቆመው። ጠበቁኝ። ወፉ ሲጮኽ ይሰማኛል፣ እትየ ጥሩነሽ ንፍጣቸውን ሲጠርጉ ይሰማኛል። እኔ ጉንዳን ነበር የማየው። አንዲት ጉንዳን ሣር ይዛ ስትወጣ፣ ስትወድቅ፣ ስትወጣ።

ለብዙ ዘመን እናቴ ናት አፌን የዘጋችው እያልኩ ራሴን አባብያለሁ። እውነት ነው ነጠላዋን ፊቴ ላይ ጣል አድርጋ ወደ ጎኗ አስጠግታኛለች። እንደምጽፍላቸው ታውቃለች፤ ሆድ ሲያውቅ ዶሮ ማታ ነው። ግን ነጠላው የመጣው እኔ ዝም ካልኩ በኋላ ነው። ቅደም ተከተሉን አልሳትኩትም።

«ቃሉ የኔ ነው» አሉ የኔታ በመጨረሻ። «እጁን አትጠይቁኝ።»

«ይጥሩዋ፣ የኔታ!»

«አልጠራም።»

ሰዉ አጉረመረመ። ጸሐፊውን የሚደብቁት ነገር ቢኖር ነው ተባለ። ሽማግሌዎቹ ደብተሩን እዚያው አቃጠሉት፤ ቆዳው አልነድ ብሎ በእንጨት ቆሰቆሱት። ሃያ ዓመት ዝናብ ነው የነደደው። በሳምንቱ የተማሪዎቻቸው ቁጥር ግማሽ ሆነ፤ በሁለተኛው ሳምንት ሦስት ልጅ ብቻ ቀረ፤ በሦስተኛው እነሱም ቀሩ። እህል የሚሰፍር ጠፋ። የወንድማቸው ልጅ ግሽ ዓባይ በኩል ይኖር ነበርና ሊወስዳቸው አህያ ይዞ መጣ።

የሚሄዱ ዕለት ጠዋት እናቴ አንድ ድፎ ዳቦና በሶ ጠቅልላ «ሂጅና ስጫቸው» አለችኝ። «አንቺ ስጫቸው» አልኳት። አልሰማችኝም፤ ወይም መስማት አልፈለገችም። ሄድኩ።

አህያው ተጭኖ ቆሟል። የኔታ ደጃፋቸው ላይ ካለው ድንጋይ ተቀምጠዋል። ዳቦውን ጉልበታቸው ላይ አኑሬ ልመለስ ስል እጄን ያዙኝ። ሳላወራ በእጄ አወቁኝ።  አሁን ይጮኹብኛል፣ አሁን «አንቺ ሌባ!» ይሉኛል ብዬ ጠበቅኩ።

«ስመኝ» አሉኝ ቀስ ብለው። «ለማንም እንዳትነግሪ። የመተተኛ ጸሐፊ ከተባልሽ ማን ያገባሻል? ማን ቤቱ ያስገባሻል? አንቺ ገና ልጅ ነሽ። እኔ ሽማግሌ ነኝ፤ የቀረኝም ጥቂት ነው።»

ማልቀስ ነበረብኝ። ጉልበታቸው ላይ ወድቄ ይቅር በሉኝ ማለት ነበረብኝ፤ ጊዜም ነበረኝ፣ ከወንድማቸው ልጅ ሌላ ሰውም አልነበረም። እኔ ግን፣ ይኼ ነው ለንስሐ አባቴ የዋጥኩት፣ ደስ አለኝ። ከእግር ጥፍሬ እስከ ራሴ ደስ አለኝ። አይናገሩብኝም! ተረፍኩ! ከዚያ ሁሉ ቀን ወዲህ ያን ጠዋት ነበር ሆዴ የተፈታው፤ ራበኝ እንኳ።

«በይ፣ እግዚአብሔር ያሳድግሽ» አሉና ሁለት እጃቸውን አነሡ። ሊመርቁኝ ነው። የየኔታ ምርቃት ረጅም ነው፤ ሰው አንገቱን ደፍቶ በየመሃሉ አሜን እያለ ነው የሚቀበለው። «ክፉ አይንካሽ፤ ስምሽ ይከበር፤ እጅሽ ይባረክ...»

እኔ ግን ሮጥኩ። ዞር ብዬ አላየሁም። እስከ አጥራችን እየዘለልኩ ነው የሄድኩት፤ እግሬ መሬት የነካ አይመስለኝም ነበር። ከኋላዬ ይሰማኛል፤ አላዩኝምና መሄዴን አላወቁም፤ እጃቸውን እንደዘረጉ ይመርቃሉ። ድምፃቸው በየመሃሉ ቆም ይላል፤ አሜን እስክል ይጠብቁኛል።